ሊ ዠንዡ፦ የኢንቾኑ ወርቅና ብር

በወጣትነቴ 3000 ሜትር መሰናክል ሮጫለሁ። ዛሬም ውድድሩን በቴሌቪዥን ስከታተል ዓይኔ የሚያርፈው መሪዋ ላይ ሳይሆን ውሃው ጋ ጉልበቷ የከዳት ሯጭ ላይ ነው። መንገዱ 28 መሰናክልና 7 የውሃ ዝላይ አለው። የሴቶቹ አግዳሚ 76.2 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ያለው ወፍራም እንጨት ነው፤ ብትገጪው አንቺ ትወድቂያለሽ እንጂ እሱ ንቅንቅ አይልም።

ውድድሩ ለሴቶች ኦሊምፒክ የገባው በ2008 እ.ኤ.አ. ቤጂንግ ላይ ነው። ከዚያ ትውልድ ቻይናዊቷን ሊ ዠንዡን አደንቃለሁ። በ2014ቱ የኢንቾን የእስያ ጨዋታዎች በኬንያ ተወልዳ ለባህሬን የምትሮጠው ሩት ጀቤት በ9 ደቂቃ ከ31.36 ሰከንድ አንደኛ ገባች። ዳኞች ግን የመሮጫውን መስመር ረግጣለች ብለው ሰረዟት፤ ወርቁ ለሊ ሆነ። ባህሬን ይግባኝ ብላ ሲፈረድላት ሊ ወደ ብር ተመለሰች።

ብዙዎች የሚያወሩት ስለዚህ ውሳኔ ነው። እኔን የሚገርመኝ ከጀቤት ኋላ የነበረው ትንቅንቅ ነው፦ ሊ 9፡35.23፣ ህንዳዊቷ ላሊታ ባባር 9፡35.37። ልዩነቱ 14 መቶኛ ሰከንድ ብቻ! ያን ሁሉ ዘለው በዚህ መለያየት ማለት አንዲት የተዛባች እርምጃ ሜዳሊያውን ትቀይረው ነበር ማለት ነው። ብዙ አሠልጣኞች ፍጥነት ከማሳደግ በፊት አረማመድን የሚያስጠኑት ለዚህ ነው።