ስለ አሮስቶ አሠራርና ስለ ጠንካራ ሥጋ ጠባይ



ደመወዝ ከተከፈለ በኋላ በሚውለው እሑድ ለቤተ ሰቡ ሥጋ ለመግዛት ወደ ልኳንዳ የሚሄድ የመንግሥት ሠራተኛ ሁሉ አንድ ችግር ያጋጥመዋል። ይኸውም ጭቅናውና ሽንጡ ለስላሳ ቢሆንም ፈላጊው ብዙ በመሆኑ እንደ ልብ አይገኝም፤ ወርቹና ፍሪምባው ይገኛል፤ ነገር ግን ጥርስን ያደክማል። ስለዚህም ብዙ ሰው ወርችና ፍሪምባን ከቅቅል በቀር ለሌላ እንደማይሆን ቈጥሮ ይንቀዋል። በዛሬው ንግግራችን ይህ የተናቀው ሥጋ ለክብር እንግዳ የሚቀርብ አሮስቶ ሊሆን እንደሚችል፣ ብዙ ጊዜም ሥጋውን የሚያበላሸው የሥጋ ሻጩ ተንኰል ሳይሆን የእኛው ችኰላ መሆኑን ለመግለጽ እንሞክራለን።

አሮስቶ የሚለው ቃል ከጣሊያንኛ የመጣ ሲሆን ትርጓሜው ጥብስ ማለት ነው። በድስት የሚሠራው አሮስቶ ግን ጥብስ ብቻ አይደለም። መጀመሪያ ሙሉው ሥጋ ሳይቈራረጥ በዘይት ላዩ ይጠበሳል፤ ቀጥሎም በጥቂት ፈሳሽ ውስጥ ክዳኑ ተገጥሞ በዝግታ ይበስላል።

ይህን የምናገር እኔ ራሴ አንድ ጊዜ አባቴን የሚያህሉ ሽማግሌ ዘመዴን ለምሳ ጠርቼ ነበር። ሥጋው ወርች ነበር፤ የቀረውም ጊዜ ከአንድ ሰዓት ተኩል አይበልጥም። ባለቤቴን «እሳቱን ጨምሪበት» እያልሁ አጣደፍኋት። ማዕዱ ሲቀርብ ሽማግሌው አላምጠው አላምጠው ስላልቻሉ፣ እኛ እንዳናፍር ብለው ጉርሻውን ከትሪው ጠርዝ አኑረው እንጀራ አለበሱት። እኔም እንግዳዬን ከሸኘሁ በኋላ ሥጋ ሻጩን ሳማው አመሸሁ። ዛሬ ነገሩን ስመረምረው ግን ሥጋ ሻጩ ምንም በደል አልነበረበትም።

የነገሩ ምክንያት እንዲህ ነው። በሬው ሲራመድና ሲያርስ አብዝቶ የሚሠራበት የአካሉ ክፍል፣ እንደ ወርች ያለው፣ ኮላጅን የሚባል ጠንካራ ማያያዣ በብዛት አለው። ሥጋው በእሳት ላይ ሆኖ ሙቀቱ ከ60 እስከ 70 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሲደርስ የሥጋው ክሮች ይኰማተራሉ፤ ጭማቂያቸውንም ይለቃሉ። በዚህ ጊዜ ሥጋው ከጥሬው ይልቅ ይጠነክራል። ብዙ ሰው ተስፋ ቈርጦ ድስቱን የሚያወጣው ወይም እሳቱን የሚያበረታው እዚህ ላይ ነው። ነገር ግን ከ70 ዲግሪ በላይ ባለው ሙቀት ለብዙ ሰዓት የቈየ እንደ ሆነ ኮላጅኑ ጥቂት በጥቂት እየቀለጠ ጄላቲን ወደሚባለው ለስላሳ ነገር ይለወጣል፤ ክሮቹም እርስ በርሳቸው ይላቀቃሉ። መረቁን የሚያወፍረውና ከንፈርን የሚያጣብቀው ይኸው ጄላቲን ነው።

እሳትን ማበርታት ስለ ምን አይረዳም? ውኃ አንድ ጊዜ ከፈላ በኋላ እሳት ቢጨመርበት በእንፋሎት ቶሎ ያልቃል እንጂ ሙቀቱ አይጨምርም። ስለ ሆነም በሚንቀለቀል እሳት ላይ የሚባክነው ከሰል ወይም ኤሌክትሪክ ለሥጋው ምንም አይጠቅመውም።

በዚህ ላይ የአገራችን ደጋነት አለ። ውኃ በባሕር ጠረፍ በ100 ዲግሪ ሲፈላ፣ ወደ ከፍታ በወጣን መጠን በየ300 ሜትሩ አንድ ዲግሪ ያህል ይቀንሳል። ስለዚህ ከ2,300 ሜትር በላይ በሆነችው በአዲስ አበባ በ92 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፤ በ1,200 ሜትር ገደማ ላይ በምትገኘው በድሬዳዋ ግን 96 ዲግሪ ይደርሳል። ከድሬዳዋ ወደ አዲስ አበባ የተዛወረ ሠራተኛ «ያው ድስት፣ ያው እጅ፣ ምን ነካው?» ብሎ ቢደነቅ መልሱ ይህ ነው። በቈላ አገር ሰዎች የተጻፈ የምግብ መጽሐፍም ሁለት ሰዓት ተኩል ቢል፣ እኛ ሦስት ሰዓት ተኩል ወይም አራት ማሰብ ይገባናል።

አሁን ወደ አሠራሩ እንለፍ። ሁለት ኪሎ ያህል አጥንት የሌለው ወርች ወይም ፍሪምባ በሙሉው ይገዛል፤ ቢቻል በዋዜማው ጨውና ቁንዶ በርበሬ ይታሻል፤ በማቀዝቀዣም ውስጥ ያድራል። በማግሥቱ በንጹሕ ጨርቅ ላዩ ይደርቃል፤ እርጥብ ሥጋ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስምና። ታቹ ወፍራም በሆነ ድስት ሦስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት ካጋሉ በኋላ፣ ሥጋውን በየጐኑ እያገላበጡ ቡናማ እስኪሆን ድረስ መጥበስ ነው።

በ19ኛው መቶ ዓመት ዩስቱስ ፎን ሊቢግ የተባለው የጀርመን የኬሚስትሪ ሊቅ፣ ላዩ የተጠበሰ ሥጋ ጭማቂው እንዳይወጣ ይዘጋል የሚል አሳብ አቅርቦ ነበር። ኋላ በተደረገው ምርመራ ግን ይህ ስሕተት መሆኑ ታውቋል። የመጥበሱ ጥቅም ጣዕም ነው፤ ይህንንም ለውጥ ሉዊ ካሚል ማያር የተባለው ፈረንሳዊ በ1912 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ገልጾታል።

ሥጋው ከወጣ በኋላ በዚያው ድስት ሦስት ራስ ቀይ ሽንኩርት፣ ሁለት ካሮትና አምስት ፍንካች ነጭ ሽንኩርት ከትፎ ማቁላላት፣ አንድ ማንኪያ የቲማቲም ድልህም መጨመር ያስፈልጋል። ከዚያ ሁለት ብርጭቆ ውኃ ወይም መረቅ አፍስሶ ከድስቱ ታች የተጣበቀውን በእንጨት ማንኪያ ፍቆ ማንሣት ነው። ሥጋው ተመልሶ ሲገባ ፈሳሹ ከሥጋው ቁመት ሲሶውን ብቻ ይሸፍን፤ የጥብስ ቅጠልም ይጨመርበት። ክዳኑ በደንብ ተገጥሞ እሳቱ ዝቅ ይበል፤ ድስቱ አንድ ሁለት አረፋ እያለ ይቈይ እንጂ አይንተክተክ። በየሰዓቱ ማገላበጥ፣ ውኃው ካነሰም በጥቂቱ መጨመር ነው። ድንች የሚወድ ሰው ከመውጣቱ ከአንድ ሰዓት በፊት ይክተተው። ሹካ ያለ ትግል ሲገባና ሲወጣ ሥጋው በስሏል ማለት ነው። ወጥቶ ሩብ ሰዓት ካረፈ በኋላ ከሥጋው ክር አቅጣጫ አግድም ይቈረጣል፤ በክሩ አቅጣጫ ቢቈረጥ የለሰለሰውም ሥጋ ጠንካራ ይመስላል።

ጊዜ የሌለው ሰው፣ ዴኒ ፓፐን የተባለው ፈረንሳዊ በ1679 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በለንደን ባሳየው ዘዴ በሚሠራው፣ እንፋሎትን አፍኖ በሚያበስለው ድስት ሊጠቀም ይችላል። በዚህ ድስት ውስጥ ሙቀቱ ከ110 ዲግሪ በላይ ስለሚወጣ የደጋው ችግር ይቀርለታል።

የተረፈው አሮስቶ ከሁለት ሰዓት ሳይበልጥ ማቀዝቀዣ ውስጥ ይግባ። በማግሥቱ እንደ ገና ሲሞቅ ጣዕሙ አይቀንስም፤ ለሚጾሙ ቤተ ሰቦችም የእሑዱ ድስት ረቡዕ ሳይገባ ሰኞና ማክሰኞ ለምሳ ይበቃል።

እንግዲህ እንግዳ በሰባት ሰዓት ለምሳ የጠራችሁ እንደ ሆነ ድስቱን ከጧቱ በሁለት ሰዓት ጣዱ። ለመጥበሱ ግማሽ ሰዓት፣ ለመብሰሉ አራት ሰዓት፣ ለማረፉና ለመቈረጡ ግማሽ ሰዓት ይበቃል። አባወራውም ወደ ማድቤት ብቅ ሲል «እሳቱን ጨምሪበት» ከማለት ይልቅ ሽንኩርቱን ቢልጥ ይሻላል። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ ይባላልና፤ ከፈሰሰው ነገር ሁሉ ደግሞ ለመልቀም የሚያስቸግረው የእንግዳ ፊት ያየው ኀፍረት ነው።