የሐረግ አበባ በዋልካ መሬት

የፎገራ ሜዳ አፈር ዋልካ ነው። በበጋ ይሰነጣጠቃል፣ በክረምት ያብጣል፤ ርብና ጉማራ ወንዞች ሲሞሉ ደግሞ ውኃው ማሳው ላይ ይተኛል። ለሩዝ ይህ ጸጋ ነው። ሩዝ ከቅጠሉ እስከ ሥሩ የሚወርድ የአየር መተላለፊያ ስላለው ውኃ ውስጥ ቆሞም ይተነፍሳል። ብዙዎቹ የአበባ ሐረጎች ግን ይህን አልታደሉም። አፈሩ ውስጥ የነበረውን አየር ውኃ ሲያስወጣው ሥራቸው ታፍኖ ይበሰብሳል። ሐምሌ ላይ እዚሁ ሜዳ ላይ ባለችው ወረታ ከተማ ግቢ ውስጥ የተተከለ ቡገንቪላ ነሐሴ ሳይወጣ ቢጠወልግ በሽታ ፍለጋ መሄድ አያሻም፤ አንድ ክንድ የሚሆን ጉድጓድ ቆፍሮ ውኃ መቋጠሩን ማየት ይበቃል።

ቡገንቪላ የደቡብ አሜሪካ ተክል ነው። እ.አ.አ. በ1767 በሪዮ ዴ ጄኔሮ አካባቢ ለሳይንስ የሰበሰበው ፈረንሳዊው የዕፅዋት ሊቅ ፊሊበር ኮሜርሶን ሲሆን፣ ስሙን ያገኘው ኮሜርሶን ከተሳፈረበት የመርከብ ጉዞ አዛዥ ከቡገንቪል ነው። ከሩቅ የምናየው ቀይና ሐምራዊ ነገር አበባ ሳይመስለን አይቀርም እንጂ ቀለም የያዘ ቅጠል ነው። እውነተኛው አበባ መካከል ላይ ያለችው ትንሽ ነጭ ቱቦ ናት። በግቢ ውስጥ ፍሬ የሚያፈራው አልፎ አልፎ ስለሆነ የሚባዛው ከግንዱ ነው፤ ከግንዱ የበቀለውም የእናቱን ቀለም ሳይለውጥ ይዞ ያድጋል።

ግንቦት ላይ እርሳስ የሚያህል ውፍረት ያለው፣ የጠነከረ ቅርንጫፍ ይመረጣል። ከ15 እስከ 20 ሳንቲሜትር ርዝመት ተቆርጦ ቅጠሉ ይራገፋል። የታችኛውን ጫፍ ከአንጓ ሥር ሰያፍ፣ የላዩን ቀጥ አድርጎ መቁረጥ ልማድ ቢሆን ጥሩ ነው፤ ሲተከል ተገልብጦ እንዳይገባ ይረዳል። ከዚያ ግማሽ የወንዝ አሸዋ፣ ግማሽ ኮምፖስት በሞላ የላስቲክ ከረጢት ውስጥ ይተከልና ጥላ ሥር ይቀመጣል። ሥር ለማውጣት ሁለት ወር ገደማ፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ይፈጅበታል። ቅጠል አወጣ ተብሎ መንቀል አይገባም፤ ቅጠሉ ግንዱ ውስጥ ባለው ስንቅ ቀድሞ ሊወጣ ይችላል፣ የቡገንቪላ ሥርም በቀላሉ የሚሰበር ነው። ክረምቱን ከረጢቱ በረንዳ ላይ ያሳልፍ። መስከረም ላይ ውኃው ሲሸሽ ከመሬት ከፍ ባለ፣ አሸዋና ፍግ በተቀላቀለበት የአፈር ክምር ላይ ይተከላል። በራሱ ስለማይጠመጠም ማሰር ያስፈልገዋል።

ለእኔ ግን የግቢ ሐረግ ንግሥት ጠምበለል ናት። የአገራችን ተወላጅ ናት፤ በደጋማና ወይና ደጋ ደኖች ጠርዝ ዛፍ ላይ ተጠምጥማ ትገኛለች። ቅጠሏ ሦስት ሦስት ሆኖ የሚያብረቀርቅ ጥቁር አረንጓዴ ነው፤ ነጭ አበባዋ ሽታው መንገደኛን ያስቆማል። ይህችን ተክል ለማባዛት መቁረጥም አያሻም፣ ማስተኛት ይበቃል። ሰኔ ላይ ለስላሳ ግን ለጋ ያልሆነ ቅርንጫፍ ጎንበስ ተደርጎ፣ ከአንጓው ሥር ያለው ልጥ በትንሹ ይፋቃል፤ በባላ እንጨት መሬት ላይ ተይዞ አፈር ይለብሳል፣ ጫፉ ግን ቀና ብሎ ከአፈር ውጭ ይቆያል። ከጫፉ ወደ ታች የሚወርደው ሥር አብቃይ ንጥረ ነገር ቁስሉ ላይ ይጠራቀማል፤ ሥሩም እዚያው ይፈልቃል። እስከዚያ ድረስ እናቲቱ ውኃ ስለምትመግበው ቅርንጫፉ አይደርቅም። በጥቅምት ከእናቱ ይቆረጣል፤ ሳይነቀል ጥቂት ሳምንታት ከሰነበተ በኋላ ወደ ቦታው ይዛወራል። ቡገንቪላን የሚገድለው የክረምት እርጥበት ጠምበለልን ሥር ያስወጣታል፤ መደቡ ብቻ ውኃ የማይቋጥር ከፍታ ላይ ይሁን።

በዘር ለሚቀለው ደግሞ ቅል አለ። በክረምት መግቢያ አጥር ሥር የተዘራ ቅል ክር በመሰሉ መያዣዎቹ ይወጣል። ነጭ አበባው የሚፈካው ምሽት ላይ ስለሆነ የሌሊት ቢራቢሮዎች ይጎበኙታል። አበባነቱን ግን ማንም አይቆጥርለትም፤ ሁሉም የሚጠብቀው ፍሬውን ነው።

የአገር ጌጥ የሆነችው ጠምበለል በከተማ ግቢዎቻችን ከቡገንቪላ በታች መታየቷ ይቆጨኛል። አጥራችሁ ላይ ጠምበለል ያላችሁ የወረታ ሰዎች፣ በመጪው ሰኔ አንድ ቅርንጫፍ ለራሳችሁ፣ አንድ ደግሞ ለጎረቤት አስተኙ።