ወረቀቱን ገልብጬ ያነበብኩ ቀን

«በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ» ይላል ያገሬ ሰው መከራ ሲደራረብበት። እኛ ቤት ግን እንቅርት ተረት ብቻ ሆኖ አያውቅም። ሁላችንም እቴቴ የምንላት የእናቴ ታላቅ እህት፣ እኛን አዝላ ያሳደገችን እንቅርቷን በነጠላዋ ሸፍና ነው። ዕድሜዋ ሲገፋ እብጠቱም አብሮ ገፋ። ስትውጥ ያንቃት፣ በጀርባዋ ስትተኛ ትንፋሽ ያጥራት ጀመር። በመጨረሻ በቀዶ ሕክምና ወጣላት። የታይሮይድ ዕጢዋ ሙሉ በሙሉ ስለወጣም በየጠዋቱ የምትዋጥ አንዲት ትንሽ ክኒን ታዘዘላት። «እስከ መቼ ነው?» ብትል «ዕድሜ ልክ» አሏት።

ዛሬ የማወጋችሁ በዚያች ክኒን ላይ ስለሠራሁት ስህተት ነው።

አንድ ቀን እቴቴ የደም ምርመራ ውጤቷን ይዛ መጣች። የሐኪሟ ቀጠሮ ገና ነበር። «አንተ የተማርክ ነህ፤ እስቲ ምን እንደሚል አንብብልኝ» አለችኝ። ወረቀቱን አየሁት። «ቲኤስኤች» ከሚለው አጠገብ ወደ ላይ የምታመለክት ቀስት አለች፤ ከመጠን በላይ ከፍ ብሏል ማለት ነው። ታይሮይድ የሚል ቃል አየሁ፣ ወደ ላይ የወጣ ቀስት አየሁ፣ በቃ ገባኝ አልኩ። «እቴቴ፣ የታይሮይድ ሆርሞንሽ በዝቷል። ክኒኑ ሳይበዛብሽ አልቀረም። እስከ ቀጠሮሽ ድረስ ግማሽ ግማሹን ውሰጂ» አልኳት። እሷም «ልጄ ካለ» ብላ ክኒኗን በቢላ እየከፈለች መዋጥ ጀመረች።

በሁለት ወር ውስጥ እቴቴ ሌላ ሰው ሆነች። በሚያዝያ ሙቀት ጋቢ ደርባ ትንቀጠቀጣለች። ድምጿ ጎረነነ፣ ንግግሯ ተጎተተ። ፊቷ አበጠ። ሆዷ ደረቀ። ቡና ምጣድ ላይ አድርጋ እንቅልፍ ጣላትና ቡናው ከሰል ሆነ። እኛ ደግሞ «እርጅና ነው» አልን። ጎረቤት «ጸበል ይሻላታል» አለ። ብቻ ቀጠሮው ደረሰና ይዣት ሄድኩ።

ሐኪሙ የድሮውንና የአዲሱን ውጤት ጎን ለጎን አድርገው አዩና ቀና አሉ። «እማማ፣ መድኃኒቱን ቀንሰዋል እንዴ?» እቴቴ ጣሪያ ጣሪያውን አየች። «አዎ፣ ግማሽ ነው የምወስደው።» «ማን ነው ግማሽ ይውሰዱ ያለዎት?» «ማንም አላለኝ፤ በራሴ ነው» አለች። ሸፈነችልኝ። ያን ጊዜ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። «እኔ ነኝ» አልኩ።

ሐኪሙ አልተቆጡም። ይልቅ ጥያቄ ጠየቁኝ። «ቤታችሁ ሮቶ አለ?» አሉኝ። አለ። «ሮቶው ውስጥ ያለችውን ኳስ አይተሃል? ውኃው ሲሞላ ተንሳፋ ከፍ ትልና የመግቢያውን ቧንቧ ትዘጋለች። ውኃው ሲቀንስ ዝቅ ትልና ትከፍተዋለች። እንግዲህ ውኃ ለሁለት ሳምንት ጠፋ እንበል። ኳሷ ታች ተንጠልጥላለች፣ መግቢያው ወለል ብሎ ተከፍቷል። አሁን አንተ መግቢያው ስለተከፈተ ብቻ ሮቶው ሞልቷል ትላለህ?»

አልልም። መግቢያው የተከፈተው ውኃ ስለሌለ ነው። ቲኤስኤችም እንደዚያው ነው፤ ከፍ የሚለው የታይሮይድ ሆርሞን ስለጎደለ ነው። እኔ ወረቀቱን ገልብጬ ነበር ያነበብኩት።

ከዚያ ቀን በኋላ ነገሩ እንቅልፍ ነሳኝና አንብቤ፣ ጠይቄ ለመረዳት ሞከርኩ። አሠራሩ እንዲህ ነው። አንጎላችን ውስጥ ሃይፖታላመስ የሚባል ትንሽ ክፍል አለ። ከእሱ ሥር ደግሞ ፒቱታሪ የሚባል አተር የሚያህል፣ ክብደቱ ግማሽ ግራም ገደማ የሆነ ዕጢ ተንጠልጥሏል። ሃይፖታላመስ ቲአርኤች የተባለ መልእክት ለፒቱታሪ ይልካል። ፒቱታሪ ደግሞ በደም በኩል ቲኤስኤች የተባለውን ትእዛዝ አንገት ላይ ወዳለው ታይሮይድ ይልካል። «ሥራ!» ማለቱ ነው። ታይሮይድ ይሠራል። የሰውነታችንን ሙቀት፣ የልብ ምታችንን፣ የአንጀታችንንና የአሳባችንን ፍጥነት የሚወስኑትን ሁለት ሆርሞኖች፣ ቲ-ፎርንና ቲ-ስሪን ያመርታል።

ዋናው ብልሃት ያለው ከዚህ በኋላ ነው። የተመረተው ሆርሞን በደም ዞሮ ወደ አንጎል ይመለሳል። ፒቱታሪና ሃይፖታላመስ ይቀምሱታል። በቂ ከሆነ ትእዛዙን ይቀንሳሉ፤ ከጎደለ ድምፃቸውን ከፍ ያደርጋሉ። ሆርሞኑ ጥቂት ሲጎድል እንኳ ቲኤስኤች እጥፍ ድርብ ሆኖ ይወጣል። ሐኪሞች ብዙ ጊዜ መጀመሪያ እሱን የሚመረምሩት ለዚህ ነው፤ የሮቶውን ውኃ ከመስፈር የኳሷን አቀማመጥ ማየት ይቀላል። እርግጥ ፒቱታሪ ራሱ ከታመመ ኳሷ ትዋሻለች። ያን ጊዜ ቲ-ፎር አብሮ ይታያል። ይህን የሚለየው ደግሞ ሐኪም እንጂ የእህት ልጅ አይደለም።

ሌላም የገረመኝ ነገር አለ። ቲ-ፎር ከደም ውስጥ በግማሽ ለመቀነስ አንድ ሳምንት ያህል ይፈጅበታል። ስለዚህ መጠኑ ተቀይሮ ውጤቱ ተረጋግቶ እስኪታይ ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ይጠበቃል። እቴቴ ግማሹን በጀመረችበት ሳምንት ምንም አልሆነችም። እኔም «አየሽ፣ ተስማማሽ» ብዬ ነበር። ጉዳቱ ቀስ ብሎ፣ እርጅና መስሎ መጣ።

ይህን ሰንሰለት ሰው በቀላሉ አላወቀውም። ስዊዘርላንድ እንደኛ ተራራማ አገር ናት፤ እንቅርትም ሞልቶባት ነበር። በበርን ከተማ ይሠራ የነበረው ቴዎዶር ኮኸር የተባለ የቀዶ ሕክምና ሐኪም ዕጢውን ሙሉ በሙሉ በማውጣት ስም አተረፈ። በኋላ ግን ያከማቸውን ሰዎች ጠርቶ ሲያያቸው ደነገጠ፤ ፊታቸው አብጦ፣ ፈዘው፣ አሳባቸው ዘግይቶ አገኛቸው። እ.ኤ.አ. በ1883 ይህንኑ ሳይደብቅ ይፋ አደረገ። ስለ ታይሮይድ ላበረከተው ሥራ በ1909 የኖቤል ሽልማት ተሰጠው። እንግሊዛዊው ጆርጅ መሪ ደግሞ በ1891 ከበግ ታይሮይድ የተጨመቀ ፈሳሽ ለአንዲት የ46 ዓመት ሴት በመርፌ ሰጠ፤ ሴትየዋ እስከ 74 ዓመቷ ኖረች። ሃይፖታላመስ የሚልከውን ቲአርኤች ለማግኘት ሮዠ ጊይማን በበግ፣ አንድሪው ሻሊ በአሳማ አንጎል ላይ በፉክክር ለዓመታት ደከሙ። በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ የእንስሳት አንጎሎች ተፈጭተው፣ በ1969 የተገኘው ነገር ሦስት አሚኖ አሲዶች ብቻ የተያያዙበት ሞለኪውል ነበር። ሁለቱ በ1977 ኖቤል ሲሸለሙ፣ በደም ውስጥ ያለን ጥቂት ሆርሞን መለካት ያስቻለችው ሮዛሊን ያሎውም አብራቸው ተሸለመች። የእቴቴ ወረቀት ላይ ቁጥር ሊሰፍር የቻለው በእንዲህ ዓይነቱ ድካም ነው።

ታዲያ የእቴቴ እንቅርት መጀመሪያ ከየት መጣ? መልሱ እዚያው ሰንሰለት ውስጥ ነው። ታይሮይድ ሆርሞኑን የሚሠራበት ጥሬ ዕቃ አዮዲን ነው። አንድ አዋቂ ሰው በቀን 150 ማይክሮ ግራም ይበቃዋል፤ የዕድሜ ልኩ ቢደመር አንዲት የሻይ ማንኪያ አይሞላም። ግን በደጋው አገራችን ዝናብና ጎርፍ አፈሩን ሲያጥበው አዮዲኑም አብሮ ይሄዳል። አዮዲን ሲጠፋ ሆርሞን ይጎድላል። ሆርሞን ሲጎድል ፒቱታሪ «ሥራ! ሥራ!» እያለ ይጮኻል። ዕጢው ጥሬ ዕቃ የለውም፤ ትእዛዙ ግን አላቋረጠም። ምን ያድርግ? ያብጣል። እንቅርት ማለት ጥሬ ዕቃ ሳይሰጠው ሥራ የተባለ ሠራተኛ ነው።

መድኃኒቱ ጨው ውስጥ ነው። ስዊዘርላንድ ጨዋን በአዮዲን ማበልጸግ የጀመረችው እ.ኤ.አ. በ1922 ነው። እኛ ዘንድ ጨው ሁሉ በአዮዲን እንዲበለጽግ የሚያስገድደው ደንብ የወጣው በ2003 ዓ.ም. ነው። ለውጡም ታይቷል። እ.ኤ.አ. በ2011 በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ዳሰሳ አዮዲን ያለው ጨው የተገኘው በ15 ከመቶ ቤተሰቦች ዘንድ ነበር፤ በ2016ቱ ዳሰሳ 89 ከመቶ ደረሰ። ይህ ነገር ለአንገት ውበት ብቻ አይምሰላችሁ። በማሕፀን ያለ ልጅ አንጎል የሚገነባው በመጀመሪያዎቹ ወራት በእናቱ የታይሮይድ ሆርሞን ነው። ለዚህም ነው ነፍሰ ጡር በቀን 250 ማይክሮ ግራም ያስፈልጋታል የሚባለው። እናንተም ጨዋችሁን በተከደነ ዕቃ፣ ከፀሐይና ከእርጥበት አርቃችሁ አስቀምጡ። ወጡም ሊወጣ ሲል ጨምሩት፤ አዮዲን ሙቀት ሲበዛበት ይተናል።

ይህ «በቂ ሲሆን አቁም፣ ሲጎድል ጀምር» የሚል አሠራር ለታይሮይድ ብቻ አይደለም። ለአስም ወይም ለመገጣጠሚያ ሕመም ፕሬድኒሶሎን ለረጅም ጊዜ የሚወስድ ሰው አለ እንበል። አንጎል መድኃኒቱን እንደ ራሱ ኮርቲሶል ይቆጥርና ትእዛዙን ያቆማል። ከኩላሊት በላይ ያሉት ዕጢዎችም ሥራ ፈትተው ይሟሽሻሉ። ሰውየው «ተሻለኝ» ብሎ መድኃኒቱን በአንድ ቀን ቢጥለው፣ የተኙት ዕጢዎች ቶሎ አይነቁለትም። የደም ግፊቱ ወርዶ ሕይወቱ ሊያልፍ ይችላል። ሐኪሞች እንዲህ ያለውን መድኃኒት ቀስ በቀስ የሚቀንሱት ወደው አይደለም።

አንድ ጥያቄ ግን ቀርቷል። እቴቴ ክኒኗን በሥርዓቱ እየዋጠች የመጀመሪያው ውጤት ለምን ከፍ አለ? ይህንንም ሐኪሙ ጠየቁ። «እማማ፣ ክኒኑን በምንድን ነው የሚውጡት?»

«በቡናዬ ነዋ!» አለች እቴቴ፣ ሌላ በምን ይዋጣል በሚል አኳኋን።

ነገሩ እሱ ነበር። ቡና ክኒኑ ከአንጀት ወደ ደም እንዳይገባ ያግደዋል። የብረትና የካልሲየም እንክብሎችም እንደዚሁ፤ እነሱ በአራት ሰዓት መራቅ አለባቸው። ክኒኑ በባዶ ሆድ፣ በውኃ፣ ከቁርስና ከቡና ቢያንስ ከግማሽ ሰዓት እስከ አንድ ሰዓት ቀድሞ ነው የሚዋጠው። እቴቴ ያኔ የጎደላት ክኒን አልነበረም። በቡና የተዘጋ መንገድ ነበር። እኔ ደግሞ በዚያ ላይ ግማሹን ቀነስኩባት። በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ ማለት ይኼ አይደል?

አሁን ክኒኗ ከአልጋዋ ራስጌ፣ ከውኃ ብርጭቆ ጋር ትቀመጣለች። ሙሉዋን ትውጣለች፤ ረከቦቱ የሚቀርበው ከሰዓት ቆይታ በኋላ ነው። በሁለተኛው ወር በተደረገው ምርመራ ቀስቷ ጠፋች። ጋቢውም ወደ ሳጥኑ ተመለሰ። ባለፈው ሳምንት አዲስ የምርመራ ወረቀት ይዛ መጣች። እኔ እጄን ስዘረጋ እሷ ወረቀቱን አጠፈችና ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው።

«አንተ ቡናህን ጠጣ፤ ይኼ የሐኪሙ ነው» አለችኝ።

ልክ ናት። ቸር ያሰማን።