የማን ልጅ እንደሆንሽ የምታውቅ ከተማ

«ልብ አንጠልጣይ ልቦለድ» ሲባል ብዙዎቻችን ቶሎ የሚታየን ሰላይ፣ ሽጉጥና በመኪና መሳደድ ነው። ከዘውጉ ቅርንጫፎች አንዱ ግን እነዚህን ሁሉ ሳይጠቀም አንባቢን እንቅልፍ ይነሳል። ታሪኩ የሚጀምረው አንድ ሰው ጥሎት ወደ ሄደው የትውልድ ከተማው ሲመለስ ነው። ከተማው ደህይቷል፣ ነዋሪው ይተዋወቃል፣ ያልተፈታ ወንጀል አለ። ተመላሹ ወንጀሉን ሲመረምር ሳይወድ የገዛ ልጅነቱንም ይመረምራል። ይህን ዓይነት አጻጻፍ ለማወቅ ለሚፈልግ አንባቢ ከሁሉ የተሻለ መግቢያ የምለው አሜሪካዊቷ ጊሊያን ፍሊን በ2006 ያሳተመችውን «ሻርፕ ኦብጀክትስ» የተባለ ልቦለድ ነው። ርዕሱ «ስለታም ነገሮች» እንደ ማለት ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ፍሊን የተወለደችው በ1971 በሚዙሪ ግዛት፣ በካንሳስ ሲቲ ከተማ ነው። አባትና እናቷ ሁለቱም የኮሌጅ መምህራን ነበሩ፤ አባቷ ስለ ፊልም፣ እናቷ ስለ ንባብ ያስተምሩ ነበር። እሷም በካንሳስ ዩኒቨርሲቲ እንግሊዝኛና ጋዜጠኝነት ተማረች፤ ከዚያ በኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ በጋዜጠኝነት ሁለተኛ ዲግሪዋን ያዘች። ምኞቷ የወንጀል ዘጋቢ መሆን ነበር። ሥራው የሚጠይቀው ድፍረት እንደሌላት ስትረዳ ግን «ኢንተርቴይንመንት ዊክሊ» በተባለው መጽሔት ስለ ፊልምና ስለ ቴሌቪዥን መጻፍ ጀመረች። የመጀመሪያ ልቦለዷንም የጻፈችው በዚያው መጽሔት ተቀጥራ እየሠራች ነው። ዋናዋን ገጸ ባሕርይ የወንጀል ዘጋቢ ማድረጓ እንግዲህ በአጋጣሚ አይመስለኝም፤ ራሷ ያልደፈረችውን ሥራ ለካሚል ፕሪከር ሰጠቻት።

ካሚል በቺካጎ ብዙም ስም በሌለው አንድ ዕለታዊ ጋዜጣ ትሠራለች። አንድ ቀን አለቃዋ ፍራንክ ከሪ ይጠራትና ስለ ትውልድ ከተማዋ ይጠይቃታል። ከተማዋ ዊንድ ጋፕ ትባላለች። ባለፈው ነሐሴ አንዲት ትንሽ ልጅ እዚያ ታንቃ ተገድላለች፤ አሁን ደግሞ ሁለተኛ ልጅ ጠፍታለች። ትልልቆቹ ጋዜጦች ገና አልሰሙም። ከሪ ክፉ ሰው አይደለም፤ የአገሩ ተወላጅ ስለሆነች ሌላው የማያገኘውን ታገኛለች ብሎ ነው የሚልካት። ካሚል መሄድ አትፈልግም፤ ግን ትሄዳለች። ብዙም ሳይቆይ የጠፋችው ልጅ አስከሬን እዚያው መሃል ከተማ፣ በሁለት ሱቆች መካከል ባለ ጠባብ ክፍተት ውስጥ ይገኛል። ገዳዩ የሁለቱንም ልጆች ጥርስ ነቅሏል።

ዊንድ ጋፕን በካርታ ላይ የሚፈልግ አያገኛትም፤ የደራሲዋ ፈጠራ ናት። ያስቀመጠቻት ግን በእውነተኛ መሬት ላይ ነው። የሚዙሪን ካርታ ያየ ሰው በደቡብ ምሥራቅ ጥጉ ወደ ታች የወጣች፣ የቦት ጫማ ተረከዝ የምትመስል ቁራጭ መሬት ያስተውላል። በአካባቢው አጠራር «ቡትሂል» የምትባለው ይህች ናት፤ በአንድ ወገን ከአርካንሳስ፣ በሌላው ከሚሲሲፒ ወንዝ ማዶ ካለው ከቴነሲ ጋር ትዋሰናለች። ሚዙሪ ባርነትን የፈቀደ፣ በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ጊዜ ግን ከሰሜኑ ኅብረት ሳይገነጠል የቀረ ግዛት ነው። ቡትሂል በመልክዓ ምድሩም ሆነ በጥጥ እርሻው ወደ ደቡብ ያደላል። ወደ ደቡብም ወደ መካከለኛው ምዕራብም ሙሉ በሙሉ ያልገባ አገር ነው ማለት ይቻላል።

በልቦለዱ ውስጥ ከተማዋ ወደ 2,000 ገደማ ነዋሪ አላት። ድሮ የወንዝ ወደብ ነበረች፤ አሁን የምትኖረው በአሳማ ቄራ ነው። ሕዝቧም ሁለት ወገን ነው፦ ከአያት ቅድመ አያት ሀብት የወረሱ ጥቂት ቤተሰቦችና የቀረው ድሃ። የካሚል እናት አዶራ የቄራው ባለቤት ናት። በቄራው የሚሠሩት፣ ሱቅ የሚሸጡት፣ ፖሊሶቹም ሳይቀሩ በአንድም በሌላም በኩል ከእሷ ጋር የሚነካኩ ናቸው። እኛ ዘንድ ሰው ወደ ገጠር ሲመለስ ሽማግሌ አስቁሞ «የማን ልጅ ነህ?» ይለዋል። ካሚልን ማንም እንዲህ ብሎ አይጠይቃትም። በገባችበት ሁሉ የማን ልጅ እንደሆነች ያውቃሉ፤ የሚነግሯትም የሚደብቋትም በዚያው ልክ ነው።

የዚህ ዓይነት ልቦለድ ዋናው መሣሪያም እዚህ ላይ ነው። በተለመደው የወንጀል ታሪክ መርማሪው ከውጭ የሚመጣ ሰው ስለሆነ ስለ ነዋሪዎቹ የሚያውቀው ነገር የለም። በትውልድ ከተማ ታሪክ ግን ተመላሹ እንግዳም ባለቤትም ነው። ፍሊን ይህን ለማጉላት ሌሎች ሁለት መርማሪዎች አጠገቧ አስቀምጣለች። የከተማው ፖሊስ አዛዥ ቪከሪ ገዳዩ አላፊ አግዳሚ እንዲሆንለት ይመኛል፤ ከነዋሪው አንዱ ነው ብሎ ማሰብ ይከብደዋል። ከካንሳስ ሲቲ የተላከው መርማሪ ሪቻርድ ዊሊስ በተቃራኒው ገዳዩ እዚሁ እንዳለ እርግጠኛ ነው፤ ችግሩ የሚያናግረው ማጣቱ ነው። ካሚል በሁለቱ መካከል ናት። ገዳዩ ከውስጥ መሆኑን ለማመን ድፍረት አላት፣ ሰዎቹም ያናግሯታል፤ ሆኖም ገና በልጅነቷ ስለተጎዳች የምትሰማውን ነገር በትክክል መመዘን ይቸግራታል።

ሐሜቱም እንደ አንድ ገጸ ባሕርይ ይሠራል። ከተማው በአንድ ወጣት ላይ ጣቱን ይቀስራል፤ ጥፋቱ ለተገደለችው እህቱ ከወንድ ልጅ ከሚጠበቀው በላይ ማልቀሱ ነው። ሌላ ትንሽ ልጅ ደግሞ ጓደኛውን ነጭ የለበሰች ሴት ስትወስዳት አየሁ ይላል። የልጁ ቤተሰብ ግን ድሃና ስሙ የጠፋ ስለሆነ ፖሊስ ቃሉን ከቁም ነገር አይቆጥረውም። መጽሐፉን ሁለተኛ ጊዜ ያነበበ ሰው ይህን ቦታ ሲደርስ ይቆማል።

ከተማውን አልፈን ወደ ቤቱ እንግባ፤ መጽሐፉ ከሁሉ የሚበረታው እዚያ ነውና። አዶራ የምትኖረው በትልቅ የድሮ ቤት፣ ከባሏ ከአለንና ከእሱ ከወለደቻት የ13 ዓመት ልጇ ከአማ ጋር ነው። በመካከል የነበረችው ልጅ ማሪያን ከብዙ ሕመም በኋላ ሞታለች፤ ያኔ ካሚል ልጅ ነበረች። አዶራ ስትጨነቅ የዓይኗን ሽፋሽፍት ትነቅላለች። ካሚል ስለ ግድያው እንድታወራ አትፈቅድም፤ ማስታወሻ ደብተር ይዛ ስታያት ልጇ ለትምህርት ቤት ዕረፍት የመጣች እንደሆነ ማስመሰል ትመርጣለች። የመኝታ ክፍሏ ወለል በዝሆን ጥርስ የተነጠፈ ነው፤ ነጭ፣ ቀዝቃዛና ልጆች እንዳይረግጡት የተከለከለ። አንድ ወለል ለመሸፈን ስንት ዝሆን እንደሚሞት ደራሲዋ አትነግረንም። ከደጅ ጥርሳቸው የተነቀለ ልጆች፣ ከውስጥ በጥርስ የተነጠፈ ክፍል አስቀምጣ ዝም ትላለች።

በዚሁ ቤት በረንዳ ላይ የአማ የአሻንጉሊት ቤት አለ። ትልቁ ቤት በትንሹ ተቀድቶ፣ መጋረጃው፣ ወንበሩ፣ የአልጋው ልብስ ሁሉ ከእውነተኛው ጋር አንድ እንዲሆን የተሠራ ነው። አንድ ዕቃ ልክ ካልመጣላት አማ እንደ ሕፃን ትንጨረጨራለች። ቤት ውስጥ የልጅ ቀሚስ ለብሳ የእናቷ አሻንጉሊት የምትመስለው ይህች ልጅ ከደጅ ስትወጣ ግን ሌሎቹ ልጃገረዶች የሚፈሯት አለቃ ናት። አንባቢ የአሻንጉሊት ቤቱን እንደ ማስጌጫ አልፎት ይሄዳል። ማለፍ የለበትም።

የካሚል የራሷ ምስጢር ደግሞ ቆዳዋ ላይ ተጽፏል። ከ13 ዓመቷ ጀምሮ ገላዋን በስለት ቃላት ስትጽፍበት ኖራለች፤ ከጀርባዋ መካከል እጇ የማይደርስበት ትንሽ ቦታ በቀር ያልተጻፈበት የለም ማለት ይቻላል። ወደ ዊንድ ጋፕ ስትመለስ በሕክምና ተረድታ ትታዋለች። ሆኖም በሙቀቱ ረጅም እጅጌና ሱሪ ለብሳ ትዞራለች፤ የሚያስጨንቅ ነገር ሲገጥማትም አንዱ ቃል ወይም ሌላው ቆዳዋ ላይ ሲያቃጥላት ይሰማታል። ራስን መጉዳት ቀላል ጉዳይ ስላልሆነ፣ ይህ ርዕስ የሚከብደው አንባቢ አስቀድሞ ቢያውቀው ይሻላል። እንደ አጻጻፍ ስልት ስንመለከተው ግን ፍሊን ያለፈውን ታሪክ በረጅም ትዝታ ከመተረክ ይልቅ ባለታሪኳ አካል ላይ አስቀምጣዋለች፤ ስለዚህ ያለፈው ዘመን በየገጹ አለ።

ይህ ሁሉ ከየት መጣ? የዘር ሐረጉ ረጅም ነው። በ1764 እንግሊዛዊው ሆራስ ዋልፖል ስለ አንድ ቤተ መንግሥትና በውስጡ ስለታፈነ የቤተሰብ ኃጢአት የሚተርክ ልቦለድ አሳተመ። «ጎቲክ» የሚባለው አስፈሪ ሥነ ጽሑፍ ጅማሬው ከዚያ ይቆጠራል። ዘውጉ አትላንቲክን ሲሻገር ቤተ መንግሥት አላገኘም፤ በምትኩ በአሜሪካ ደቡብ የወደቀ የባለርስት ቤት አገኘ። ዊልያም ፎክነር፣ ፍላነሪ ኦኮነርና ካርሰን ማከለርስ በ20ኛው ክፍለ ዘመን የጻፉበት ይህ ፈለግ «የደቡብ ጎቲክ» ይባላል፤ ብዙ ጊዜ መንፈስ አይታይበትም፣ የሚያስፈራው ጨዋ የሚባለው ሰው ነው። ፍሊን የወሰደችው ከዚህ ነው። ከዚያም የወንጀል ምርመራን ፍጥነት ጨመረችበት።

የእሷ የራሷ የሚባለው አስተዋጽኦ ሌላ ነው። ስለ ወንዶች ቁጣና ጭካኔ፣ ከአባት ወደ ልጅ ስለሚወርድ ክፋት ብዙ እንደተጻፈ፣ ስለ ሴቶች ግን ዝም እንደተባለ ፍሊን በይፋ ተናግራለች፤ ይህን መጽሐፍ የጻፈችውም ዝምታውን ለመስበር ነው። በዊንድ ጋፕ ክፋት የሚተላለፈው ከእናት ወደ ልጅ ነው፤ የሚገለጠውም በማስታመም፣ በማልበስ፣ በማጉረስ፣ በማባበል ነው። ከዚህ በላይ ብናገር የመጽሐፉን ቋጠሮ እፈታለሁ። ይህን ብቻ ልጨምር፦ በዚህ ታሪክ ውስጥ ከሁሉ ይልቅ የሚያስፈሩት ገጾች የደም ገጾች አይደሉም፤ አንዲት እናት ማንኪያና ብልቃጥ ይዛ አልጋ አጠገብ የምትቀመጥባቸው ናቸው።

ጉድለት የለውም አልልም። በካሚልና በመርማሪው ዊሊስ መካከል ያለው ፍቅር፣ ፍቅር ከተባለ፣ ከቀረው የላላ ነው። መጨረሻውም ይጣደፋል፤ መጽሐፉን ሙሉ በትዕግሥት የተሸረበው ነገር በጥቂት ገጾች ይተረተራል። ለመጀመሪያ ሥራ ግን አቀባበሉ ያልተለመደ ነበር። በ2007 የእንግሊዝ የወንጀል ጸሐፊዎች ማኅበር በአንድ ዓመት ሁለት ሽልማት ሰጠው፤ አንዱ ለአዲስ ደራሲ፣ ሌላው በኢያን ፍሌሚንግ ስም ለልብ አንጠልጣይ ልቦለድ የሚሰጠው ነው። ሰፊው አንባቢ ፍሊንን ያወቃት ግን በ2012 በወጣው በሦስተኛ ልቦለዷ «ጎን ገርል» ሲሆን፣ ብዙዎች ወደ መጀመሪያው መጽሐፍ ተመልሰው የመጡት ከዚያ በኋላ ነው። ወደ ትውልድ ከተማ የመመለሱ ታሪክም በሌሎች አገሮች በርትቷል። ለምሳሌ የጄን ሃርፐር «ዘ ድራይ» (2016) አንድ የፌዴራል ፖሊስ ለቀብር ወደ ተወለደባት፣ ድርቅ ወደመታት የአውስትራሊያ የገበሬ ከተማ ሲመለስ ይጀምራል።

በ2018 የአሜሪካው የቴሌቪዥን ጣቢያ ኤችቢኦ ልቦለዱን በስምንት ክፍል ወደ ቴሌቪዥን አመጣው። ዳይሬክተሩ ካናዳዊው ዣን ማርክ ቫሌ ነበር፤ ኤሚ አዳምስ ካሚልን፣ ፓትሪሺያ ክላርክሰን አዶራን፣ ኤላይዛ ስካንለን አማን ሆነው ተጫውተዋል። ክላርክሰን በዚህ ሚና የጎልደን ግሎብ ሽልማት አግኝታለች። ቫሌ የካሚልን ትዝታ በተራኪ ድምፅ ከማስነገር ይልቅ ዓይን ሳይርገበገብ በሚያልፉ ቁርጥራጭ ምስሎች አሳየው፤ ቃላቱንም በየግድግዳውና በየታፔላው ደበቃቸው። ተከታታዩ በመጽሐፉ የሌለ «ካልሁን ዴይ» የሚባል የከተማ በዓልም ጨምሯል፤ ነዋሪዎቹ የደቡብ ጦር ዘመንን በአልባሳትና በትርዒት ሲያከብሩ ይታያል። ጭማሪው ተገቢ ነው። ከተማዋ ያለፈችበትን ታሪክ ራሷ እንዴት አስውባ እንደምትተርከው በአንድ ቀን ያሳያል።

ምክሬ መጽሐፉ ይቅደም የሚል ነው። ቴሌቪዥኑ የካሚልን ፊት ይሰጠናል፤ ያንን ስላቅና ድካም የተቀላቀለበት ድምፅ ግን ከመጽሐፉ በቀር የትም አናገኘውም። ተከታታዩን ለማየት የሚቀመጥ ደግሞ በስምንተኛው ክፍል መጨረሻ የተዋንያኑና የሠራተኞቹ ስም መውረድ ሲጀምር ቴሌቪዥኑን አያጥፋ፤ ለጥያቄው ቁርጥ ያለው መልስ በእነዚያ ስሞች መካከል፣ በጥቂት ሰከንዶች ውስጥ ነው ያለው።