ጎርማዝ፦ ከበባን የቻለ ግንብ

የኢፍጣር ሰዓት እስኪደርስ ወደ ጥንቷ አንደሉስ፣ ወደ ዛሬዋ ስፔን ልውሰዳችሁ።

በሶሪያ አውራጃ፣ በዱዌሮ ወንዝ አጠገብ፣ ጎርማዝ የምትባል ትንሽ የገጠር መንደር አለች። ነዋሪዎቿ በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ከበላይዋ ባለው ኮረብታ ላይ ግን ዙሪያው 1 ኪሎ ሜትር ገደማ የሆነ፣ ከ20 በላይ ማማዎች የነበሩት ምሽግ ፈራርሶ ይታያል። በፈረስ ኮቴ ቅርጽ የተሠራው ትልቁ በር ዛሬም ቆሟል። ለወታደሮቹ ውኃ የሚጠራቀምበት ገንዳም አልጠፋም።

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ965 ምሽጉን በኮርዶባው ኸሊፋ በዳግማዊ አል-ሐከም ትእዛዝ ያሠራው የጦር አዛዡ ጋሊብ ነው። ከ10 ዓመት በኋላ የካስቲል፣ የሊዮንና የናቫራ ጦር ተባብሮ ከበበው። የ364 ዓመተ ሂጅራ ረመዷን ከበባው ሳይነሣ ገብቶ ወጣ። ምሽጉ እጅ አልሰጠም፤ በሸዋል ወር ጋሊብ ከበባውን ሰበረ።

የሚያሳዝነው ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። ጋሊብ ልጁን የዳረለት ሙሐመድ ኢብን አቢ ዓሚር፣ በታሪክ አል-መንሱር የሚባለው፣ በሥልጣን ምክንያት ከአማቱ ጋር ተጣላ። በ981 አማትና አማች ጦር ተማዘዙ። ጋሊብ ከጎኑ ያሰለፋቸው ትናንት ጎርማዝን ከበው የነበሩትን ካስቲላውያን ነበር፤ በዚያው ውጊያም ሞተ። በ1009 ኮርዶባ ውስጥ የእርስ በርስ ጦርነት ተቀሰቀሰ፤ በ1031 የኮርዶባ ኸሊፋነት አበቃ። በ1060 ገደማ ጎርማዝ በካስቲልና በሊዮን ንጉሥ በፈርናንዶ እጅ ገባች።

ሦስት መንግሥታት ተባብረው ያልቻሉትን የቤተሰብ ጠብ ጀመረው።

ነብያችን (ሰ.ዐ.ወ) ጾም ጋሻ መሆኑን አስተምረውናል። ይህን ጋሻ የሚቀድደው ሐሜትና ጠብ ነው። ቀኑን ሙሉ ተርበንና ተጠምተን፣ ከአማት፣ ከአማች ወይም ከወንድም ጋር እንደተኳረፍን ብናፈጥር ምን ተረፈን? እንግዲህ ዛሬ ቴምሩን ከማንሳታችን በፊት ላኮረፍነው ዘመድ እንደውልለት፤ «ና፣ አብረን እናፍጥር» እንበለው። ቀድሞ ሰላም ያለ ሰው አይዋረድም።

አላህ ጾማችንን ይቀበለን፤ ቤታችንን ከውስጥ ያጽናልን። አሚን።