ከአበባ ሰልፍ የተወለደ ግጥሚያ

እ.ኤ.አ. በ1994ቱ የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ሮቤርቶ ባጆ ፍጹም ቅጣት ምቱን ወደ ሰማይ የላከበት ስታዲየም ሎስ አንጀለስ አጠገብ፣ ፓሳዲና ውስጥ ይገኛል። ስሙ ሮዝ ቦውል ነው። አሜሪካኖች ግን ይበልጥ የሚያውቁት በሌላ ኳስ ነው፤ በፈረንጆች አዲስ ዓመት ሁለት የዩኒቨርሲቲ ቡድኖች በሚገጥሙበት የአሜሪካ ፉትቦል።

የኮሌጅ ፉትቦል መደበኛ ጨዋታዎች ኅዳር ላይ ያልቃሉ። ከዚያ በኋላ የሚመጡት ቦውል ይባላሉ፤ ቁጥራቸው ዛሬ ወደ 40 ይጠጋል። በደንቡ ከ12 ጨዋታ ቢያንስ 6ቱን ያሸነፈ ቡድን ሊጠራ ይችላል። አብዛኞቹ ቦውሎች በጥሪ የሚገባባቸው ድግሶች ናቸው፤ ከእነሱ ቀጥሎ የሚመጣ ሌላ ዙር የለም።

ነገሩ የጀመረው በአበባ ነው። ፓሳዲና ከ1890 አንስቶ በአዲስ ዓመት ዕለት በአበባ ያጌጡ ሠረገላዎችን ታሰልፍ ነበር። መልእክቱ ግልጽ ነው፦ እናንተ በረዶ ውስጥ ስትንቀጠቀጡ እዚህ ጽጌረዳ ፈክቷል። በ1902 ድግሱን ለማድመቅ ሚሺጋንና ስታንፎርድ ተጋበዙ። ሚሺጋን በዚያ ዓመት አንድም ነጥብ አልተቆጠረበትም። ስታንፎርድ 49 ለ 0 እየተመራ፣ 8 ደቂቃ ሲቀረው፣ «በቃን» ብሎ ወጣ። አዘጋጆቹም ፉትቦሉን ትተው የሠረገላ እሽቅድምድም ያዙ፤ አንድ ጊዜማ ዝሆንና ግመል አሽቀዳድመዋል! ፉትቦል የተመለሰው በ1916 ነው። ስታዲየሙ በ1922 ከተከፈተ በኋላ ጎብኚ የሚፈልጉ ሌሎች ሞቃት ከተሞችም ነቁ፤ ማያሚ ኦሬንጅ ቦውልን፣ ኒው ኦርሊንስ ሹገር ቦውልን አቋቋሙ።

ከሁሉም ይበልጥ የሚተረከው የ1929ኙ ሮዝ ቦውል ነው። በአሜሪካ ፉትቦል ሞላላዋን ኳስ ታቅፎ የተጋጣሚን የመጨረሻ መስመር ያለፈ 6 ነጥብ ያገኛል። የካሊፎርኒያው ሮይ ሪግልስ ከጆርጂያ ቴክ እጅ ያመለጠች ኳስ አፈፍ አደረገ፤ በግፊያው መሀል ዞረና አቅጣጫው ተምታታበት። ከ60 ያርድ በላይ፣ ማለትም 55 ሜትር ገደማ፣ ወደ ራሱ መስመር ሸመጠጠ። የቡድን ጓደኛው ቤኒ ሎም እየጮኸ ተከትሎ አፋፉ ላይ ያዘው። ወዲያው ካሊፎርኒያዎች ኳሷን በእግር ሊያርቁ ሲሞክሩ ታገደችባቸውና ጆርጂያ ቴክ 2 ነጥብ አገኘ። ውጤቱ 8 ለ 7 ነበርና ሒሳቡን ራሳችሁ ሥሩት። ሪግልስ በዕረፍት ሰዓት አልገባም ብሎ አሻፈረኝ ቢልም አሠልጣኙ አሳምኖ መለሰው፤ ሁለተኛውን አጋማሽ እንደ ጀግና ተጫወተ። የቀረለት ግን ያ ሩጫ ነው።

ለረጅም ዘመን የአገሪቱን ሻምፒዮን የሚመርጡት ጋዜጠኞችና አሠልጣኞች በድምፅ ነበር። የጋዜጠኞቹ የመጨረሻ ደረጃ ቦውሎቹ ሳይደረጉ የሚወጣበት ጊዜም ነበር፤ ለእኔ ይህ የድግሱን ባሕርይ ከምንም በላይ ያሳያል። የ4 ቡድኖች ጥሎ ማለፍ የመጣው በ2014 ነው፤ በ2024 ደግሞ 12 ደረሱ። ሮዝ ቦውልም ከሩብ ፍጻሜው ሜዳዎች አንዱ ሆነ፤ በ2025 አዲስ ዓመት ኦሃዮ ስቴት ኦሪገንን 41 ለ 21 የረታው እዚያ ነው።

ከጥሎ ማለፉ ውጭ የቀሩት ቦውሎች ቀለል ብለዋል። ወደ ፕሮፌሽናል ሊግ የሚያቀኑ ኮከቦች ጉዳት ፈርተው ይቀራሉ፤ አልፈርድባቸውም። የማስታወቂያው ነገር ግን አልቀነሰም። ኦርላንዶ ላይ ፖፕ ታርትስ በተባለ ጣፋጭ ስም የሚካሄደው ቦውል አሸናፊዎቹን ከዋንጫው ሌላ ሰው የሚያክል ጣፋጭ ያስበላል።