ጢያ፦ ሰይፍ የተቀረጸባቸው መቃብሮች

አለም ገና ላይ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል። አንዱ በወሊሶ በኩል ወደ ወልቂጤና ጅማ ይሄዳል፤ ሌላው ወደ ደቡብ ታጥፎ አዋሽን ተሻግሮ ቡታጅራ ይገባል። በዚህ በሁለተኛው መንገድ ላይ ሚኒባሱም አይሱዙውም ቀኑን ሙሉ ሲመላለስ ይውላል፤ ከአዲስ አበባ ወደ 90 ኪሎ ሜትር ግድም ርቃ በምትገኘው ጢያ ላይ የሚወርደው ሰው ግን ጥቂት ነው። ተሳፋሪው ልቡ ቡኢ ወይም ቡታጅራ ነው። ከዋናው መንገድ በእግር የሚደረስበት አጥር ውስጥ የዓለም ቅርስ እንዳለ የሚያውቀውም ቢሆን «ሌላ ጊዜ አየዋለሁ» እያለ ያልፋል። እኔ ደግሞ ያ ሌላ ጊዜ ሳይደርስ ለሚያልፈው ሰው ብዬ ነው ይህን የምጽፈው።

የጢያ ትክል ድንጋዮች በዩኔስኮ መዝገብ የሰፈሩት እ.ኤ.አ. በ1980 ነው። አክሱም የተመዘገበችውም በዚያው ዓመት ነው፤ የታችኛው አዋሽና የታችኛው ኦሞ ሸለቆዎችም እንዲሁ። ሐረር ጀጎል ለመመዝገብ ከዚያ በኋላ 26 ዓመት ጠብቋል፤ ኮንሶ ደግሞ 31። አክሱምን የማያውቅ ተማሪ የለም፤ ጢያን ግን የሶዶ ልጅ ካልሆነ በስም እንኳ የማያውቃት ብዙ ነው። ስፍራው በሶዶ ወረዳ፣ በዛሬው አከላለል በምሥራቅ ጉራጌ ዞን ውስጥ ነው።

በአጥሩ ውስጥ ያሉት ድንጋዮች 36 ናቸው። 33ቱ 45 ሜትር ያህል በሚረዝም መስመር ላይ ተተክለዋል፤ የቀሩት ሦስቱ ትንሽ ፈንጠር ብለው ለብቻቸው ይገኛሉ። ከ36ቱ 32ቱ ቅርጽ አላቸው። በአካባቢው እንዲህ ያለ ትክል ድንጋይ የሚገኝበት ስፍራ 160 ገደማ ተቆጥሯል፤ ጢያ ከእነዚህ ዋና ዋናዎቹ አንዱ ስለሆነ ተመረጠ እንጂ ብቻውን የቆመ አይደለም። ይህን ቁጥር ይዞ መሄድ ይጠቅማል። አንድ ሙሉ አገር ሙታኑን በዚህ ሥርዓት ያከብር እንደነበር ያሳያልና።

አዎ፣ ሙታኑን። ጢያ የመቃብር ስፍራ ነው። ለጌጥ ወይም ለድንበር የተተከለ ድንጋይ መስሎት የሚገባ ሰው አረማመዱ ሌላ ነው፤ መቃብር መሆኑን አውቆ የሚገባ ሌላ። በቁፋሮ የተገኙት አጽሞች እንደሚያሳዩት ሟቾቹ እግራቸው ወደ ደረታቸው ተሰብስቦ፣ በማኅፀን ያለ ፅንስ በሚተኛበት አኳኋን ነው የተቀበሩት። ዕድሜያቸው ከ18 እስከ 30 ዓመት ባለው ውስጥ እንደሚወድቅ ተመራማሪዎቹ ገምተዋል። ይህን ካነበብኩ በኋላ እነዚያን ድንጋዮች እንደ ድሮዬ ማየት አልቻልኩም። ሽማግሌዎች በጊዜያቸው ሞተው የተቀበሩበት መስሎኝ የነበረው ስፍራ ያለጊዜያቸው የተቀጠፉ ወጣቶች የተኙበት ሆኖ ተገኘ።

በር ላይ ቲኬት ይቆረጣል፤ የአካባቢው አስጎብኚም ይገኛል። አስጎብኚው የሚያውቀው ብዙ ስለሆነ እንዳያልፍዎ። ሆኖም አንድ ነገር ልለምን፤ የመጀመሪያውን ዙር ለብቻ ይዙሩ። የጢያ ድንጋይ ላይ ጽሑፍ የለም። አክሱም ላይ ንጉሥ ኢዛና ስሙንና ዘመቻውን በድንጋይ ጽፎ ስለተወልን የሚነበብ አለ፤ እዚህ ያለው ምልክት ብቻ ነው። ምልክትን ደግሞ ትርጉሙን አስቀድሞ የሰማ ዓይን የሰማውን ብቻ ያያል። «ይሄ ሰይፍ ነው፣ ይሄ እንሰት ነው» ከተባለ በኋላ ሌላ ነገር ለማየት ይቸግራል።

ለብቻ ሲዞሩ ሰዓቱን መምረጥ ነው ዋናው። ቅርጹ ጥልቀት የለውም፤ ዘመንም በልቶታል፣ ግራጫና ብጫ ሻጋታ መሰል ነገርም በላዩ በቅሎበታል። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ ከአናት ስትሆን ድንጋዩ ልሙጥ ይመስላል፤ ፎቶውም ይደበዝዛል። ጠዋት ማለዳ ወይም ከሰዓት በኋላ ጀንበር ስታዘቀዝቅ ግን ብርሃኑ በጎን ስለሚመጣ ትንሿ ጠርዝ ሁሉ ጥላ ታወጣለች፤ ቀን ላይ ያልታየ ምላጭና እጀታ ፊት ለፊት ይመጣል። ስለዚህ በአንዱ ድንጋይ ፊት ቆሞ ከመፍዘዝ፣ ጥቂት እርምጃ ወደ ግራ፣ ጥቂት ወደ ቀኝ እያሉ ከጎን ማየት ነው። ቅርጹ ካልታየዎት ውኃ ማፍሰስ፣ በጠመኔ ወይም በከሰል ማቅለም ግን ፈጽሞ አይሞከርም። ድንጋዩን ይጎዳዋል፤ ቀለሙም ከኋላ ለሚመጣ ተመራማሪ የሐሰት መስመር ይሆንበታል።

ቀድሞ ዓይን የሚገባው ሰይፉ ነው። እጀታው ጠበብ፣ ምላጩ ሰፋ ብሎ ወደ ጫፉ የሚሾል ነው። አንዳንዱ ድንጋይ ላይ አንድ ሁለት ነው፤ ሌላው ላይ ተደርድረው ፊቱን ሞልተውታል። ቁጥራቸውን ይያዙ፤ ጫፋቸው ወዴት እንደሚያመለክትም ልብ ይበሉ። ቀጥሎ ወደ ግርጌ ይውረዱ። ከሰይፎቹ በታች ብዙ ጊዜ የተጠላለፉ ሁለት መስመሮች የመሰለ ምልክት ይገኛል፤ አጠገቡ ደግሞ ከአንድ ግንድ ግራና ቀኝ ቅርንጫፍ ያወጣ ሌላ ምልክት አለ። ክብ ምልክት ያለባቸውም አሉ። እነዚህ ምልክቶች እንደ ሰይፉ በግልጽ ምን እንደሆኑ አይናገሩም፤ ከድንጋይ ድንጋይ ግን ይደጋገማሉ። ጠራቢዎቹ የጋራ ሥርዓት ነበራቸው ማለት ነው።

አሁን አስጎብኚውን ይጥሩ። ብዙ ጊዜ የሚሰሙት እንዲህ ነው፤ የሰይፉ ቁጥር ሟቹ በሕይወቱ የገደላቸው ጠላቶች ቁጥር ነው፤ ክቡ የሴት ጡት ነው፤ ቅርንጫፍ ያለው ምልክት እንሰት ነው። የእንሰቱ ነገር ከአጥሩ ወጥቶ አካባቢውን ላየ ሰው ልብ የሚያስጠጋ ነው፤ ጉራጌ ቤቱን በእንሰት ከብቦ የሚኖር ሕዝብ ነውና። የሰይፉ ትርጉምም መሠረት የለውም አይባልም። ኮንሶ ውስጥ ለጀግና በሚቆመው «ዋካ» በተባለው የእንጨት ሐውልት ጎን ሟቹ የገደላቸው ሰዎች ከሚስቶቹ ጋር ተቀርጸው ይቆማሉ። ግዳይን በመቃብር ላይ መቁጠር በደቡብ ኢትዮጵያ የታወቀ ልማድ ነው። ሆኖም የኮንሶ ልማድ የጢያን ድንጋይ በእርግጠኝነት ሊፈታው አይችልም። ዩኔስኮ ራሱ ስፍራውን ሲገልጽ ከምልክቶቹ አብዛኞቹ ለመፍታት የሚያስቸግሩ ናቸው ብሏል። ስለዚህ አስጎብኚው የሚነግርዎትን በአክብሮት ይስሙ፤ በድንጋዩ ላይ በዓይንዎ ካዩት ጋርም ለይተው ይያዙ።

ከሚሰሙት አንዱ የድንጋዮቹ ስም ነው። በአካባቢው «የግራኝ ድንጋይ» ይባላሉ። ግራኝ የተባለው ኢማም አሕመድ ኢብራሂም በሽምብራ ኩሬ ድል ያደረገው እ.ኤ.አ. በ1529፣ በወይና ደጋ የወደቀው በ1543 ነው። የጢያ መቃብሮች ግን ከ12ኛው እስከ 14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ ይመደባሉ፤ ኢማሙ ሳይወለድ ከመቶ ዓመት በላይ ቀድመው ተተክለዋል ማለት ነው። ስሙ የወጣው በአገራችን በብዙ ቦታ እንደሚደረገው ነው፤ ሠሪው የተረሳ ትልቅ ሥራ ሲገኝ ሁሉም ለሚያውቀው ስም ይሰጣል። ሠሪዎቹን ስማቸውን ቀምተን ለሌላ መስጠታችን ግን ያሳዝነኛል። እነዚህ ድንጋዮች በሶዶ ሲጠረቡ በሰሜን፣ ላስታ ውስጥ፣ የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ከአለት እየተፈለፈሉ ነበር። አንድ ዘመን ነው። በአንዱ ጫፍ አለት ወደ ታች ይፈለፈላል፤ በሌላው ጫፍ ከአለት የተቆረጠ ድንጋይ ወደ ላይ ይቆማል።

የድንጋዮቹን ወሬ ለውጭው ዓለም ያደረሱት ካፑቺን ሚስዮናዊው አባ አዛይስና ባልደረባቸው ሮዤ ሻምባር ናቸው፤ አምስት ዓመት የፈጀውን የኢትዮጵያ ጥናታቸውን እ.ኤ.አ. በ1931 በመጽሐፍ አሳተሙ። አርኪዮሎጂስቱ ፍራንሲስ አንፍሬ ከሸዋ እስከ ሲዳሞ ያለውን ትክል ድንጋይ እየዞረ መዘገበ። መቃብሮቹን ቆፍሮ አጽሞቹን ያጠናው ግን ሮዤ ዡሶም ነው፤ በጢያ ላይ ያዘጋጀው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1995 ወጥቷል። ከላይ ስለ ሟቾቹ ዕድሜና ስለ አቀባበራቸው የጠቀስኩት የዚህ የቁፋሮ ሥራ ፍሬ ነው። ሥራው በአማርኛ ተተርጉሞ የጢያ ልጆች በትምህርት ቤታቸው ቢያነቡት ምንኛ ደስ ባለኝ።

ከአዲስ አበባ ለሚነሣ ሰው የዚህ መንገድ ጸጋ በአንድ ቀን ሦስት ዘመን ማሳየቱ ነው። 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ አዋሽ ወንዝ ዳር መልካ ቁንጡሬ አለ፤ እዚያ ከሚሊዮን ዓመታት በፊት ጀምሮ ሰው ድንጋይ እየፈለጠ የሠራው መሣሪያ ቅሪት ተደራርቦ ይገኛል። በአቅራቢያው ካለው የባልጩት ስፍራ ጋር ሆኖ እ.ኤ.አ. በ2024 የዓለም ቅርስ ሆኗል። ከዚያ ወደ ምዕራብ ገባ ሲሉ አዳዲ ማርያም ትገኛለች፤ ከአለት የተፈለፈለች፣ ትውፊቱ ለንጉሥ ላሊበላ የሚሰጣት፣ ዛሬም ቅዳሴ የማይቋረጥባት ቤተ ክርስቲያን ናት። ጫማ አውልቀው ይገባሉ፤ ቅዳሴ ላይ ከደረሱ እስኪፈጸም ይታገሣሉ። ጢያን የመጨረሻ ማድረጉ ጥሩ ነው፤ ለድንጋዮቹ የሚስማማው የከሰዓት ብርሃን ያኔ ይደርሳል። ከቡታጅራ የሚነሣ ሰው ደግሞ በተቃራኒው ማለዳ ጢያ ይደርሳል፤ የጠዋቱን ብርሃን እዚያ ያገኛል፣ ሁለቱን በቀሪው ቀን ያያል። የወልቂጤ ሰው እስከ አለም ገና ወጥቶ መታጠፉ ስለሚያደክመው፣ ቡታጅራ አድሮ በማግሥቱ ማለዳ ቢነሣ ይሻለዋል። ቡታጅራ ካደረም በከተማዋ አቅራቢያ ያለውን ሐር ሸይጣን የተባለውን የእሳተ ገሞራ ሐይቅ ሳያይ እንዳይመለስ።

ከክረምት ወራት ይልቅ ከመስቀል በኋላ ያለው ጊዜ ይመረጣል፤ ጭቃው ይቀንሳል፣ ሰማዩም ይጠራል። ልጆች ይዞ መሄድ መልካም ነው፤ ድንጋይ ላይ መውጣት፣ ተደግፎ ፎቶ መነሣት እንደማይፈቀድ ግን ከመግባታቸው በፊት ይነገራቸው። መቃብር መሆኑ ከተነገራቸው ሌላ ማስጠንቀቂያ ብዙም አያስፈልጋቸውም።

ከአጥሩ ውጭ ያሉት የሶዶ ትክል ድንጋዮች የሚያሳስቡኝ ከጢያው ይበልጣሉ። ጢያ አጥርም ጠባቂም ዝናም አለው። ከ160ዎቹ ስፍራዎች ብዙዎቹ በእርሻና በግጦሽ መካከል ናቸው፤ ድንጋዩ ሲወድቅ የሚያነሳው፣ ሲሰበር የሚመዘግበው ሰው በሁሉም ቦታ የለም። በጉዞዎ ላይ በአንድ ገበሬ ማሳ ውስጥ ሰይፍ የተቀረጸበት ድንጋይ ቆሞ ወይም ወድቆ ካዩ፣ ባለቤቱን ሳያስፈቅዱ አይግቡ፤ ከፈቀደልዎት አያንቀሳቅሱት፣ አያጽዱት። በጎን ብርሃን ፎቶ ያንሱት፤ የመንደሩን ስም ጠይቀው ይጻፉ፤ ከዚያም ቡኢ ላይ ወርደው ፎቶውንና የቦታውን ስም ለወረዳው የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ይስጡ። ገበሬውንም ስለ ድንጋዩ አያት ቅድመ አያቶቹ ምን ይሉ እንደነበር ይጠይቁት፤ የሚነግርዎትን እርስዎ ካልጻፉት ሌላ የሚጽፈው ላይመጣ ይችላል።